ፍሬን በጠርሙስ ስለ ማቆየትና ስለ ትንንሽ የፍሬ ፓይ

የፍሬ ዛፍ መትከል ለአገር የሚጠቅም ሥራ መሆኑን የማያውቅ ሹም የለም። ነገር ግን መትከል የሥራው እኩሌታ ነው፤ የቀረው እኩሌታ ፍሬው ከበሰለ በኋላ እንዳይጠፋ መጠበቅ ነው። በደጋውና በወይና ደጋው ኮክ በደረሰ ጊዜ ዛፉ ሁሉ በአንድ ሰሞን ያፈራልና ገበያው ይሞላል፤ ዋጋውም ይወድቃል፤ ያልተሸጠውም ከዛፉ ሥር ረግፎ ይበሰብሳል። ወራቱ ካለፈ በኋላ ግን ያው ባለ አትክልት ለልጁ የሚሰጠው አንድ ፍሬ አያገኝም። እንግዲህ የድካሙ ዋጋ ወዴት ሄደ?

በአሜሪካ አገር ፓይ የሚባል ምግብ አለ፤ ይኸውም በቅቤ በታሸ የስንዴ ሊጥ ውስጥ ፍሬ ተጨምሮ በምድጃ የሚጋገር ነው። በቅርቡ ዘመን ደግሞ ይህን ፓይ በትልቅ ሳሕን በመጋገር ፈንታ፥ ሩብ ሊትር በሚይዝ አፈ ሰፊ ጠርሙስ ለእያንዳንዱ ሰው ለየብቻ ማዘጋጀት ተወደደ። መቁረጥ የለበትም፥ ድርሻውም የታወቀ ነው፤ ስለዚህ ለእንግዳም ለገበያም የተመቸ ነው።

ሆኖም ይህን ጥበብ በወረዳው ለማስለመድ የሚያስብ ሁሉ አስቀድሞ አንድ ነገር መለየት ይገባዋል። ሊጡንና ፍሬውን በጠርሙስ አብሮ ጋግሮ፥ በትኩሱ ከድኖ በመደርደሪያ ማኖር ታላቅ ስሕተት ነው። ሊጥ ርጥበት አለው፥ ኮምጣጣነት ግን ይጎድለዋል፤ አየር በሌለበት በተዘጋ ጠርሙስም ቦቱሊዝም የሚባለውን በሽታ የሚያመጣው ረቂቅ ተሐዋስ ይራባበታል። የተሐዋሱ ዘር በፈላ ውሃ ሙቀት አይሞትም፤ መርዙም የምግቡን ሽታና መልክ ሳይለውጥ ሰውን ሊገድል ይችላል። ከዚህም በላይ ለማሸጊያ የተሠራ ጠርሙስ ለፈላ ውሃ እንጂ ለምድጃ ደረቅ እሳት ስላልተዘጋጀ ይሰነጠቃል። ስለዚህ ሊከማች የሚገባው ፍሬው ብቻ ነው፤ ሊጡ ግን በሚበላበት ቀን ይጋገር።

ፍሬን በጠርሙስ የማቆየት ሥራ አዲስ ነገር አይደለም። ፈረንሳዊው ኒኮላ አፔር እንደ አውሮጳ አቆጣጠር በ1795 ገደማ ምግብን በጠርሙስ ዘግቶ በፈላ ውሃ መቀቀል ጀመረ፤ በ1810ም መንግሥቱ 12,000 ፍራንክ ሸለመው። ምክንያቱ በሉዊ ፓስተር ምርምር የተገለጠው ግን ከብዙ ዓመታት በኋላ ነው። እንግዲህ ምክንያቱን ሳያውቅ የሚሠራ ሰው እንኳ ሥርዓቱን በትክክል ቢጠብቅ ይጠቀማል፤ ሥርዓቱን ያጓደለ ግን ይጎዳል።

ለኮክ ሥርዓቱ ይህ ነው። ሥጋው ቢጫ የሆነው ኮክ ይመረጥ፤ ነጩ ኮምጣጣነቱ ስለሚያንስ በዚህ መንገድ አይቀመጥም። ፍሬው ተልጦና ተከትፎ ከስኳር ጋር ይፍላ፤ ለሩብ ሊትሩም በፋብሪካ ከታሸገ የሎሚ ጭማቂ አንድ የሾርባ ማንኪያ ይጨመርበት። ዱቄት አይግባበት፤ ማወፈር ቢያስፈልግ ጠርሙሱ በተከፈተ ቀን ይሁን። በትኩሱ በንጹሕ ጠርሙስ ይሞላ፥ ከአፉም ሁለት ሳንቲ ሜትር ተኩል ይጉደል፤ ተከድኖም ውሃ ከክዳኑ በላይ በሸፈነበት ድስት ይቀቀል። በባሕር ዳርቻ አገሮች 30 ደቂቃ ይበቃል፤ ከ1,800 ሜትር በላይ በሆነ ደጋ ግን 45 ደቂቃ ያስፈልጋል። አዲስ አበባን በመሰለ ከፍታ ውሃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ ገደማ ነውና፥ ከባሕር ዳርቻ የመጣ መጽሐፍ የሚለውን ደቂቃ ሳያስተካክሉ መከተል አደጋ አለው። በሚበላበት ቀን ስስ ሊጥ ለብቻው በምጣድ ተጋግሮ በፍሬው ላይ ይደረግ፤ በጾም ወራትም በቅቤ ፈንታ በዘይት ይታሽ።

የሹማምንቱ ድርሻ ከዚህ ይጀምራል። ጠርሙስ፥ ክዳንና የሰለጠነ አስተማሪ ሳይቀርብ ትእዛዝ ብቻ ቢወርድ፥ ባለ አገሩ የዘይትና የመጠጥ ጠርሙስ አንሥቶ በቡሽ እየደፈነ ለራሱ ጥፋት ያከማቻል። ቆርቆሮው ስስ ክዳን ለአንድ ጊዜ ብቻ የሚያገለግል ስለ ሆነ በየዓመቱ አዲስ ማቅረብ ግዴታ ነው። ስለዚህ በወረዳው ሁሉ በአንድ ጊዜ ከማወጅ ይልቅ፥ በአንድ መንደር ጥቂት እናቶች በአንድ ድስት ዙሪያ ቢማሩ ይሻላል። ሰፊ እርሻ ያላቸውም ሰዎች የመጀመሪያውን ጠርሙስ በዱቤ ሰጥተው ዋጋውን በሚሸጠው ፍሬ ቢቀበሉ፥ እነርሱም ጎረቤቶቻቸውም ይጠቀማሉ።

ወደ በላይ አለቃ የሚላከው መግለጫም የተሞላውን ጠርሙስ ብዛት ብቻ አይቍጠር። መሙላት ለማንም አይከብድም። የሥራው ምስክር ከወራት በኋላ ክዳኑ ሳይላላ የተከፈተውና ቤተ ሰብ በጤና የበላው ጠርሙስ ነው፤ ሹሙም የሚመሰገነው በዚያ ቍጥር ሊሆን ይገባል።