አምባሰልን ከአምልኮ ማን አስወጣው?

በመዘምራን ልምምድ ላይ ደጋግሞ የሚሰማ ፍርድ አለ፤ «ይህ ዜማ ይቅር፣ ዘፈን ዘፈን ይላል።» ግጥሙን የሚከስ የለም። ተከሳሹ አምባሰል ነው። ዋና ዋናዎቹ ቅኝቶቻችን አራት ናቸው፤ ትዝታ፣ ባቲ፣ አንቺ ሆዬና አምባሰል። ሁለቱ የወሎን ምድር ስም ይዘዋል። ሐይቅና ውጫሌ ተቀምጦ አምባሰልን ከቤተ ክርስቲያን ማባረር በገዛ ድምፅ ማፈር ነው።

ፍርዱ ከየት መጣ? ከመጽሐፍ ቅዱስ እንዳይባል፣ መዝሙር 150 ከመለከት እስከ ጸናጽል መሣሪያ ይቆጥራል እንጂ የተከለከለ ቅኝት አይጠቅስም። እንዲህ ያለ ዝርዝር ያወጣው የግሪኩ ፈላስፋ ፕላቶ ነው። «ሪፐብሊክ» በተባለው መጽሐፉ የዶሪያንና የፍርግያን ቅኝት አስቀርቶ ሌሎቹን «ያላቅሳሉ፣ ያልፈሰፍሳሉ» በሚል ምክንያት ከከተማው አስወጣቸው። የዜማ ስልት ሲለወጥ የመንግሥት ሕግም ይናወጣል ብሎ ያምን ነበርና። እንግዲህ አንዳንድ ሽማግሌዎቻችን ሳያውቁት የሚያስተምሩን ጳውሎስን ሳይሆን ፕላቶን ነው። (አባቶቼ ይቅር ይበሉኝ፤ በአክብሮት ነው የምለው።)

«ዜማችን ማንነታችን ነው፤ እሱ ከተጠበቀ ሁሉም ተጠበቀ» ከሚሉ ወጣቶች ጋርም አልስማማም። ደርግ በዚህ ነገር ከእናንተ በላይ ያምን ነበር። እስከ ቀበሌ ድረስ ኪነት አቋቋመ፤ የወሎው የላሊበላ ኪነትም በአገሩ ዜማ ስሙ ገነነ። ሆኖም መስከረም 1977 የአብዮቱ 10ኛ ዓመት አዲስ አበባ ላይ በሰልፍና በሙዚቃ ሲደምቅ፣ ወሎ ውስጥ ሰው በረሃብ ይረግፍ ነበር። ዘማሪ ተስፋዬ ጋቢሶም በዚያው ዘመን ስለ እምነቱ 7 ዓመት ታስሯል። ዜማውን ያከበረ መንግሥት የዜማውን ባለቤት አልታደገም። አሞጽ ምዕራፍ 5ን ክፈቱና እዩ፤ ፍትሕ በጠፋበት እግዚአብሔር ዝማሬውን ራሱን ጠልቶታል።

አምባሰል ይመለስ የምለው ታዲያ ባንዲራ እንዲሆነን አይደለም። ጉዳዩ የጎረቤታችን ነው። ሙስሊምም ይሁን ኦርቶዶክስ፣ በደጃችን ሲያልፍ የሚሰማው ከልጅነቱ የማያውቀውን ድምፅ ነው። «መጤ ሃይማኖት» ሲለን እንቆጣለን፤ ግን በምን አፋችን? ወንጌሉ ራሱ መሰናከያ አለው፣ እሱስ ይሁን። ከመስቀሉ በፊት የዜማ አጥር የሠራን ግን እኛው ነን።

አንድ ቃል ለኪቦርድ ተጫዋቾች። አምባሰልን ከዶ ብትነሡ ሬና ላ በግማሽ ድምፅ ዝቅ ይላሉ፤ ሚና ሲ ጨርሶ የሉም። በለመዳችሁት ኮርድ ዶ ላይ ሚ ስትጨምሩ፣ ዝቅ ያለውም ቢሆን፣ በቅኝቱ ውስጥ የሌለ ድምፅ ታስገባላችሁ፤ ዘማሪዋም ግራ ይገባታል። ብዙ ጊዜ «አምባሰል ለኳየር አይመችም» የሚባለው በዚህ የተነሣ ነው። መነሻው ላይ ዶና ሶልን ብቻ ያዙ። ሙሉ ኮርድ ካማራችሁ ፋ፣ ዝቅ ያለው ላና ዶ አብረው ይሄዳሉ። በመጪው ልምምድ ሞክሩት፤ ሽማግሌዎቹንም ጥሩና ተቀምጠው ይስሙ።