ቀለበቱና የአየሩ መርከብ

የምትሐትና የምናብ ዓለም ድርሰት ለእኛ ሥነ ጽሑፍ እንግዳ ነው የሚሉ ወዳጆች አሉኝ። በአየር የሚከንፍ ዕቃ፣ ባለቤቱን የሚያስለይ ቀለበት፣ ይህ ሁሉ ከፈረንጅ ልቦለድና ከፊልም የተቀዳ ይመስላቸዋል። ክብረ ነገሥትን በሥነ ጽሑፍ ዓይን የገለጠ ሰው ግን እንዲህ ለማለት አይደፍርም።

በ14ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በግእዝ የተዘጋጀው ይህ መጽሐፍ፣ ሰሎሞን ለንግሥት ማክዳ የሰጣትን ስጦታ ሲዘረዝር ከግመሎቹና ከሠረገላዎቹ ጋር ሁለት መርከቦችን ይጠራል። አንደኛው በባሕር ይሄዳል፤ ሁለተኛው በአየር። ይህንንም ሰሎሞን ከእግዚአብሔር በተሰጠው ጥበብ እንደ ሠራው ይነግረናል። ከዚያስ? ከዚያማ ዝምታ ነው። ማክዳ ተሳፈረችበት ወይስ ግምጃ ቤት ዘጋችበት? አገሯን ከላይ ቁልቁል አይታ ምን አለች? መልስ የለም። ኋላ ምኒልክ ጽዮንን ይዞ ሲመለስ ሠረገላዎቹ ከምድር ከፍ ብለው መጓዛቸው ይተረካል፤ ያ ግን በጽዮን ኃይልና በሚካኤል መሪነት የተደረገ ተአምር ነው። የአየሩ መርከብ የጥበብና የእጅ ሥራ ነበር፤ ስለዚህም ነው ዝምታው የሚቆጨኝ።

በዚያው ታሪክ ውስጥ ሌላ ዕቃ አለ፤ ቀለበት። በሌሎች ሕዝቦች ተረት የሰሎሞን ቀለበት አጋንንትን ያስገዛል። በእኛው መጽሐፍ ግን ምልክት ብቻ ነው፤ ልጅ ቢወለድ አባቱ እንዲያውቀው ለማክዳ የተሰጠ። በባንክ መስኮት ለምንሠራ ሰዎች ይህ ሥራ አዲስ አይደለም፤ እኛም ሰውየው እርሱ ራሱ መሆኑን በፊርማው ናሙና እናረጋግጣለን። የሚገርመው፣ ወጣቱ ቀለበቱን ለሰሎሞን ሲያቀርብ አባት ምልክቱን አላስፈለገውም፤ መልክህ ራሱ ይመሰክራል አለው። ቀለበቱ በታሪኩ ውስጥ ሥራ ፈት ሆነ ማለት ነው።

ከመጽሐፉ ውጭ ግን እንደ እርሱ የሠራ ዕቃ የለም። የመጽሐፉ መዝጊያ፣ ጽሑፉ በዛጉዬ ዘመን ወደ ግእዝ ያልተመለሰበትን ምክንያት ሲናገር፣ እስራኤላዊ ያልሆነ ሰው መንገሡን ሕግ መተላለፍ ነው ስለሚል ነው ይላል። ዛጉዬዎች አገው ነበሩ። ቀለበት የሌለው ቤት በዙፋን ላይ እንግዳ ተደረገ። በ1948 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው ሕገ መንግሥትም በአንቀጽ 2 የንጉሠ ነገሥትነቱን ክብር ከሰሎሞንና ከንግሥተ ሳባ ልጅ ከቀዳማዊ ምኒልክ ዘር ጋር አሰረው። እስከ መስከረም 1967 ዓ.ም. ድረስ ቀለበቱ ሕግ ነበር።

መጽሐፉ ራሱም እንደ ዕቃ ሠርቷል። በ1860 ዓ.ም. እንግሊዞች ከመቅደላ ከወሰዷቸው መጻሕፍት አንዱ ክብረ ነገሥት ነበር። ዐፄ ዮሐንስ 4ኛ በ1864 ዓ.ም. ወደ ሎንዶን ጽፈው ይመለስልኝ አሉ፤ ያለ እርሱ ሕዝቡ ትእዛዜን አይሰማም የሚል ምክንያትም አቀረቡ። መጽሐፉም ተመለሰላቸው። ምናብ ሥራ ፈት ጨዋታ ነው ለሚል ሰው ከዚህ የበለጠ ምን መልስ ይሰጠዋል?

ይህን የምጽፈው ከአዊ፣ ከአዘና ነው። የአገው ልጅ ያንን መዝጊያ ሲያነብ እንደ ሌላው አንባቢ ቀዝቅዞ ማለፍ አይችልም። ግን ቂም ይዤ መጽሐፉን እንድንዘጋው አልልም፤ ሌላ ምልክት ከጎኑ እንድናስቀምጥ እንጂ። በገድሉ እንደሚተረከው፣ ላሊበላ በተወለደ ጊዜ ንቦች ከበቡት፤ እናቱም ንቦቹ ንግሥናውን ዐወቁለት አለች። ስሙም በአገውኛ ይህንኑ ማለት ነው ተብሎ ይተረጎማል። እርግጥ ላሊበላም የነጋሢ ቤት ልጅ ነበር። ንቦቹ ግን ከአባት ጣት ወልቀው ለልጅ የሚተላለፉ አይደሉም። ንብ የአባት ስም አይጠይቅም፤ ደስ ካለው የድሃ አራስ ቤትም ይገባል።

የእኔ አስተያየት እንግዲህ ይህ ነው። በምናብ የተፈጠረን ዕቃ ምን ያህል ያስደንቃል ብለን ብቻ አንመዝነው፤ ለማን ይከፍታል፣ በማንስ ላይ ይዘጋል ብለን እንጠይቀው። ቀለበቱ የሚገባው በአንድ ጣት ብቻ ነው። መርከብ ግን ከተፈጥሮው ብዙ ሰው ይይዛል። አበው ቀለበቱን መርጠው ስድስት መቶ ዓመት ሲያጠልቁት መርከቡን አንድም ደራሲ ከወደቡ አላስነሣው።

ቅዱስ የሆነን ነገር አትንኩ የሚለኝ አይጠፋም። እምነትን አልነካሁም፤ ቀለበቱንም ከታሪክ አውጥተው አንቀጽ ያደረጉት ባለ ቅኔዎች አልነበሩም። ደግሞስ መጽሐፉ ዝም ባለበት ቦታ መናገር መጽሐፉን መድፈር አይደለም።

ወጣት ደራሲዎቻችን የሌላ አገር ምትሐት ከመዋሳቸው በፊት ይህን መርከብ ይጎብኙት። ማክዳ ትቅዘፈው፤ ግን ብቻዋን አትሂድ። ገበሬውም፣ ሸማኔውም፣ በመዝጊያው የተገፋው አገውም ይሳፈር። ከላይ ሆነው አገሪቱን ሲያዩ ምን እንደሚባባሉ መስማት እፈልጋለሁ።