«አባዬ፣ ሽልንግ ምንድን ነው?»

ባለፈው ወር «ቀጥሎ ስለ በርበሬ አዘገጃጀት እጽፋለሁ» ብዬ ነበር። በርበሬው ትንሽ ይቆየን። በዚህ ወር ስለ አንዲት ቃል ላውራችሁ። ቃሏ ትንሽ ናት፤ ያመጣችብኝ ነገር ግን ትንሽ አይደለም።

ቅዳሜ ነው፣ ምሳ ሰዓት። ትልቋ ልጄ አሥራ ስድስት ዓመቷ ነው፤ ቅዳሜና እሁድ ካሽ ሬጅስተሩ ላይ ትቆማለች። እዚሁ ኒር ኢስት ሳይድ የሚኖሩ፣ ሰማንያን ያለፉ አንዲት እናት አሉ፤ የቆዩ ደንበኛችን ናቸው። የጾም በያይነቱ በልተው ሊከፍሉ መጡ። ዋጋው 17 ዶላር ከ99 ነው። ቁጭ ብሎ ለሚበላ ሰው ስምንት በመቶ ታክስ ስለሚጨመርበት 19 ዶላር ከ43 ይሆናል። ሃያ ዶላር ሰጧት፤ መልሱ 57 ሳንቲም ነው። ልጄ መሳቢያው ውስጥ ሳንቲም ስትፈልግ አይተው፣ «የኔ እናት፣ አትቸገሪ። ሽልንጓን ስጪኝና ሰባቷ ትቅር» አሏት።

ልጄ ወደ እኔ ዞራ፣ «አባዬ፣ ሽልንግ ምንድን ነው? ኩፖን ነው?» አለች።

ሰልፍ የያዙት ወጣቶች ሳቁ። እማማ አልሳቁም። «አይ የኔ ነገር፣ የድሮ ሰው ነኝ እኮ፤ ይቅርታ» ብለው መልሱን ሳይቀበሉ ወጡ። ተከትያቸው በሩ ላይ ደረስኩ፤ ደግመው ይቅርታ ጠየቁኝ። እሳቸው እኔን! ያ ነው አንጀቴን የበላው። ልጄ ምን አጠፋች? ያልነገርኳት እኔ ነኝ።

ማታ ሱቁን ዘግተን ወንበር ስናነሳ ነገርኳት። ለእናንተም ልንገራችሁ። ልጆች፣ አማርኛ ማንበብ ካቃታችሁ እናንት ወላጆች አንብቡላቸው።

ሽልንግ የእንግሊዞች ቃል ነው። ለብዙ መቶ ዓመታት አንድ የእንግሊዝ ፓውንድ ሃያ ሽልንግ ነበር፤ አንድ ሽልንግ ደግሞ አሥራ ሁለት ፔንስ። ሒሳቡ ራስ የሚያዞር ስለሆነ በየካቲት 1963 (እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 15 ቀን 1971) ተዉትና ፓውንዱን ለመቶ ከፈሉት። እኔ የተወለድኩት በዚያው ዓመት ነው። እንግሊዞቹ በተዉት ቃል እኔ ደሴ ላይ ዳቦ እየገዛሁበት አደግሁ ማለት ነው።

እኛ ጋ እንዴት ደረሰ? በ1933 ዓ.ም. ጣልያን ሲባረር ከንጉሠ ነገሥቱ ጋር የእንግሊዝ ጦር ገባ። ጦሩ ገንዘቡንም ይዞ መጣ፤ ይህም በኬንያና በአካባቢው ቅኝ ግዛቶቻቸው የሚሠራበት የምሥራቅ አፍሪካ ሽልንግ ነበር። በአንድ በኩል የእንግሊዝ ንጉሥ፣ በሌላ በኩል ተራራ ከኋላው ያለ አንበሳ አለበት። በዚያን ጊዜ ገበያው ድብልቅልቅ ያለ ነበር፤ ጠገራ ብሩም፣ የጣልያን ሊሬውም፣ ሽልንጉም አንድ ላይ ይገበያዩበታል።

ከዚያ በሐምሌ 16 ቀን 1937 ዓ.ም.፣ በንጉሠ ነገሥቱ የልደት ቀን፣ የኢትዮጵያ መንግሥት ባንክ አዲሱን ብር አወጣ። ጆርጅ ብላወርስ የሚባል አሜሪካዊ የባንኩ ገዥ ነበር። አዲሱ ብር በሁለት ሽልንግ ተመነዘረ። እንግዲህ ልጆች፣ አንድ ብር ሁለት ሽልንግ ከሆነ ግማሽ ብር ስንት ሽልንግ ነው? አንድ! የሽልንግ ምሥጢር ይኸው ነው። መንግሥት «ሃምሳ ሳንቲም» አለው፤ ሰዉ ግን የለመደውን ስም አልተወም። ሃያ አምስቱን «ስሙኒ»፣ ሃምሳውን «ሽልንግ» እያለ ቀጠለ። የማይረባ ዕቃ ሲያጋጥም ደግሞ «ይቺማ ሽልንግ አታወጣም» ይባልላታል።

የዚያን ጊዜ ትንንሾቹ ሳንቲሞች ከመዳብ ነበሩ፤ ሃምሳው ግን እውነተኛ ብር ነው፣ አንጥረኛ የሚያቀልጠው ብር። በአንድ ፊቱ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ፣ በሌላው ዘውድ የደፋ አንበሳ። ብሩን ያበደረችው አሜሪካ ናት፤ በጦርነቱ ጊዜ ለወዳጆቿ ታበድር በነበረው መንገድ። የመጀመሪያዎቹም የተመቱት እዚሁ አገር፣ ፊላደልፊያ ነው። ልጄ ይሄን ስሰማት ወንበሩን አስቀመጠችው። «ሽልንግ አሜሪካ የተወለደ ነው?» አለችኝ። ስሙ ከእንግሊዝ፣ አካሉ ከፊላደልፊያ፣ ኑሮው መርካቶ።

ቀጥሎ ደርግ መጣና በ1969 ዓ.ም. ገንዘቡን ለወጠው። አዲሱ ሃምሳ ሳንቲም የአንበሳ ራስ ያለበት፣ ብር የሚመስል ግን ብር ያልሆነ ተራ ብረት ነው። ሰዉ እሱንም «ሽልንግ» አለው። እንግዲህ አንድ ቃል ሦስት ሳንቲም ተሸከመ፤ የእንግሊዙን፣ የንጉሡን፣ የደርጉን። እኔን ያጠፋኝም ይኸው ነው።

ስምንት ዓመቴ ነበር። እናቴ ከሣጥኗ ግርጌ በጨርቅ የቋጠረቻቸው አራት የብር ሽልንጎች ነበሯት። ለእህቴ የአንገት መስቀል ልታሠራባቸው ነው ያስቀመጠቻቸው። ይህን እኔ አላውቅም። የማውቀው ሽልንግ ሽልንግ መሆኑን ነው። በሽልንግ ደግሞ ያን ጊዜ ብዙ ፓስቲ ይገዛል። አንዷን አወጣኋት። ባለሱቁ ገለበጣት፣ በጥርሱ ነከስ አደረጋት፣ አንድ ቃል ሳይናገር ፓስቲዬን በጋዜጣ ጠቅልሎ ሰጠኝ። ጓደኞቼን ጋብዤ በላን።

ከሳምንት በኋላ እናቴ ስትቆጥር ሦስት ናቸው። ቤታችን የምታግዝ ከገጠር የመጣች ልጅ ነበረች፤ ከእኔ ብዙም አትበልጥም። «አንቺ ነሽ» የሚል ሰው አልነበረም፤ ግን ሁሉም እሷን እሷን አየ። እናቴ ጠየቀቻት። «አልወሰድኩም እትዬ» እያለች አለቀሰች። እኔ እዚያው ቆሜያለሁ፤ አፌ ተሳሰረ። ልጅቷ በሦስተኛው ቀን ጠዋት ልብሷን ቋጥራ ወደ አገሯ ሄደች። የእህቴ መስቀል በሦስት ሽልንግ ተሠራች፤ እስከ ዛሬ ታደርጋታለች፣ ትንሽ ናት።

ለእናቴ የነገርኳት አሜሪካ ከመጣሁ ከብዙ ዓመት በኋላ፣ በስልክ ነው። ዝም አለች፤ መስመሩ የተቋረጠ መስሎኝ ነበር። ከዚያ «እኔን ተወኝ። ይቅርታ የምትጠይቀው እሷን ነው» አለችኝ። እናቴ ዛሬ በሕይወት የለችም። ልጅቷንም አላገኘኋትም። ቅዳሜ ዕለት እማማ በሩ ላይ «ይቅርታ» ሲሉኝ የታየችኝ እሷ ናት። በእኔ ዝምታ ሌላ ሰው ሲያፍር ሁለተኛዬ ነው።

ልጄ ይህን ሰምታ ብዙ አልተናገረችም። ቆየችና መሳቢያውን ከፍታ አንዲት ፔኒ አወጣች። «ይቺስ ታዲያ?» አለች። ጥሩ ጥያቄ ነው። ፔኒም የእንግሊዞች ቃል ነው። የአሜሪካ ሳንቲም ላይ የተጻፈው «አንድ ሴንት» ነው፤ «ፔኒ» የሚለውን ከእንግሊዝ የመጡት ሰፋሪዎች ከነአፋቸው አመጡት፤ አገሩ ነፃ ሲወጣም ስሙ ቀረ። ልክ እንደ እኛ ሽልንግ! አሁን እሷም ተሰናብታለች። እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 12 ቀን 2025 ለገበያ የሚወጣው የመጨረሻው ፔኒ ተመታ፤ የተመታውም ፊላደልፊያ ነው። ምክንያቱ ቀላል ነው፤ አንዷን ለመሥራት ወደ አራት ሳንቲም ያስወጣ ነበር። አንድ ብር የሚሸጥ እንጀራ በአራት ብር የሚጋግር ሰው ስንት ቀን ይቆያል?

ስለዚህ ፔኒ ከባንክ እንደ ልብ እየተገኘ አይደለም። በእጃችሁ ያሉት ግን ዛሬም ገንዘብ ናቸው፣ አትጣሏቸው፤ እኛም እንቀበላለን። በጥሬ ገንዘብ ለሚከፍል ሰው እኛ ቤት ሒሳቡ ወደ ታች ይወርዳል፤ 19 ከ43 ቢመጣ 19 ከ40 እንቀበላለን። ሦስቷን ሳንቲም እኛ እንችላታለን። በካርድ ለሚከፍል ግን ልክ እንደተጻፈው ነው።

«አንድ ቀን የኔም ልጅ ‹ፔኒ ምንድን ነው?› ትለኛለች» አለች ልጄ። ትልሻለች። ያኔ እንዳታፍሪ፣ እንዳትቆጪም፤ ንገሪያት አልኳት።

በሚቀጥለው ሳምንት ባንክ ሄዳ ግማሽ ዶላር ሳንቲም ጠየቀች። ብዙ ሰው አያውቀውም እንጂ ትልቁ የሃምሳ ሳንቲም ዛሬም አለ፤ ኬኔዲ ያለበት። ቅዳሜ እማማ ሲመጡ ከመቀመጣቸው በፊት ሄዳ በሁለት እጇ ሰጠቻቸው። «እማማ፣ ሽልንግዎን ረስተው ሄዱ» አለች፤ በአማርኛ። እማማ አገላብጠው አዩት። «የኔ ልጅ፣ ይሄማ ወፍራም ሽልንግ ነው» አሉ። ከዚያ ልጃገረድ ሳሉ በመጀመሪያዋ ሽልንጋቸው ምን እንደገዙ ይነግሯት ጀመር። ቡናው ቀዘቀዘ፤ ሌላ ቀዳሁላቸው። ምን እንደገዙ እኔ አልጽፍም። የሷ ወሬ ነው።

ወላጆች፣ እቤታችን ስንት እንዲህ ዓይነት ቃል አለ? እኛ እንናገራለን፣ ልጆቹ ይሰማሉ፣ ከኋላው ያለውን ግን አንነግራቸውም። ከዚያ ሳይገባቸው ሲቀር «አማርኛ አይችሉም» እንላለን። ቃሉን ብቻ መስጠት አይበቃም። እኔ ቃሉን አውቄ፣ የነገሩን ዋጋ ባለማወቄ ያደረስኩትን አነበባችሁ።

ልጆች፣ የዚህ ወር የቤት ሥራ ይኸውላችሁ። አንደኛ፣ አያታችሁን ወይም ጎረቤት ያሉ ትልቅ ሰው «በሽልንግ ምን ይገዙ ነበር?» ብላችሁ ጠይቁ። አያታችሁ አገር ቤት ከሆኑ ስልክ ደውሉ። ሁለተኛ፣ ትምህርት ቤት ያሉ ሶማሌና ኬንያዊ ጓደኞቻችሁን የአገራቸው ገንዘብ ምን እንደሚባል ጠይቋቸው። መልሱን ስትሰሙ ትስቃላችሁ። ሦስተኛ፣ የሰማችሁትን በወረቀት ጽፋችሁ ወደ ሱቃችን አምጡ፤ አንድ ፓስቲ በነፃ አለ። ለፓስቲውማ ዕዳ አለብኝ።

በሚቀጥለው ወር በበርበሬው እስክንገናኝ፣ ቸር ይግጠመን።