አንዱ ቃል በሁለት አገር



ባለፈው ወር አንድ ሰንበት፣ ከቅዳሴ በኋላ በቤተ ክርስቲያኑ ዐጸድ ከዛፍ ጥላ ሥር ተቀምጠን ሳለን፣ አንዲት እናት የልጃቸውን ደብተር ይዘው ወደ እኔ ቀረቡና «መምህር፣ እስቲ ይህን ይመልከቱልኝ» አሉኝ። ልጃቸው የሰባተኛ ክፍል ተማሪ ናት። አክስቷ ከአሜሪካ የላከችላትን የእንግሊዝኛ የተረት መጽሐፍ ደጋግማ ስታነብ ከርማ ነበርና፣ «ዲክቴሽን» በሚባለው ፈተና መምህሯ የጠራላቸውን ቃላት በዚያ መጽሐፍ እንዳየቻቸው አድርጋ ጻፈቻቸው። መምህሩም አራቱን ቃላት በቀይ ቀለም ሰርዞ፣ ልጅቱን በጓደኞቿ ፊት አቁሞ ስሕተቷን ጮክ ብሎ አነበበባት። ከዚያ ቀን ጀምሮ መጽሐፉን ከሣጥን ሥር ከታ፣ እንግሊዝኛ አላነብም ብላለች። አባቷ ደግሞ ቃላቱን በእጅ ስልካቸው ላይ ቢጽፏቸው ሦስቱ ያለ ቀይ መሥመር ስላለፉ፣ ከመምህሩ ጋር ለመከራከር ተነሥተዋል። «ከሁለቱ እውነተኛው ማን ነው?» የሚለው የእኒህ እናት ጥያቄ ለዚህ ወር ጽሑፌ ምክንያት ሆነኝ።

ደብተሩን ገልጬ አየሁት። ሦስቱ ቃላት «ከለር»፣ «ሴንተር» እና «ትራቭለር» ናቸው። ልጅቱ የመጀመሪያውን ያለ «ዩ» ፊደል፣ ሁለተኛውን በ«ኢ» እና በ«አር» ጨርሳ፣ ሦስተኛውንም በአንድ «ኤል» ብቻ ጽፋዋለች። በሎንዶን ይህ ስሕተት ነው፤ በኒውዮርክ ግን ትክክል ነው። ስለ አራተኛው ቃል በኋላ እመለስበታለሁ።

ነገሩ ከየት እንደ መጣ ለመረዳት ጥቂት ወደ ኋላ ብንሄድ መልካም ነው። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዘመናት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።) የኅትመትን ጥበብ በ1476 ወደ እንግሊዝ አገር ያስገባው ዊልያም ካክስተን፣ በ1490 ባሳተመው በአንድ መጽሐፍ መቅድም ላይ የሚያስቅ ታሪክ አስፍሯል። ወደ ዜላንድ ለመሻገር የተሳፈሩ ነጋዴዎች ነፋስ አጥተው በቴምዝ ወንዝ ላይ ስለ ቆዩ፣ ምግብ ፍለጋ ወደ ምድር ወረዱ። ከመካከላቸው ሼፊልድ የሚባል ጨርቅ ነጋዴ ወደ አንዲት ባለቤት ሴት ገብቶ፣ ከምግብ ሁሉ ይልቅ ዕንቍላል ፈለገና «ኤግስ» እንድትሰጠው ጠየቃት። ሴትዮዋም ፈረንሳይኛ አላውቅም ብላ መለሰችለት። ሰውዬው ተቈጣ፤ እርሱም ፈረንሳይኛ አያውቅምና፤ የፈለገው ዕንቍላል ብቻ ነበር። በመጨረሻ ሌላው ጓደኛው «ኤይረን» ይፈልጋል ብሎ ቢነግራት፣ አሁን ገባኝ አለች።

ሁለቱም ሰዎች የተናገሩት እንግሊዝኛ ነው። «ኤግ» የተባለው ቃል ከሰሜን ባሕር ማዶ የመጡት ዴኖችና ኖርዌያውያን በሰሜን እንግሊዝ ሲሰፍሩ ይዘውት የመጡት ነው፤ «ኤይረን» ደግሞ በደቡብ የቀረው የጥንቱ ቃል ነው። ካክስተን ታሪኩን የጻፈው ለሳቅ ብቻ አልነበረም። የማተሚያ ሰው በመሆኑ ከሁለቱ አንዱን መርጦ በፊደል መቅረጽ ነበረበት፤ የትኛውን ቢመርጥ ደግሞ የአገሩን እኩሌታ እንደሚያስቀይም ያውቅ ነበር። ዛሬ ልጆቻችን በመጽሐፍ የሚማሩት የሰሜኑን ቃል ነው። የደቡቡ ቃል የጠፋው ስሕተት ስለ ነበረ አይደለም።

የአጻጻፉ ነገርም እንዲሁ ነው። «ከለር» እና «ኦነር» የተባሉት ቃላት ከላቲን ወጥተው፣ ኖርማኖች በ1066 እንግሊዝን ከያዙ በኋላ በፈረንሳይኛ በኩል የገቡ ናቸው። ስለዚህ አንዱ ጸሐፊ እንደ ላቲኑ፣ ሌላው እንደ ፈረንሳይኛው ይጽፋቸው ነበር፤ በ1623 በታተመው የሼክስፒር ድርሰቶች መጽሐፍ ውስጥ ሁለቱም አጻጻፎች ጎን ለጎን ይገኛሉ። በ1755 ሳሙኤል ጆንሰን ታላቁን መዝገበ ቃላቱን በሎንዶን ባወጣ ጊዜ በ«ዩ» የሚጻፈውን መረጠ፤ እንግሊዞችም ተከተሉት። በአሜሪካ ደግሞ ኖህ ዌብስተር የሚባል የትምህርት ቤት መምህር ተነሣ። በ1783 ለሕፃናት የፊደል መማሪያ መጽሐፍ አሳተመ፤ ከዚያም በ1806 ባወጣው አጭር መዝገበ ቃላት፣ በኋላም በ1828 ሰባ ሺህ ያህል ቃላት ባሉበት በትልቁ መዝገበ ቃላቱ፣ የማይነበቡ ፊደላትን ከብዙ ቃላት ቀነሰ። ሐሳቡ ሁለት ነበር፤ አንደኛው ለሕፃናት ትምህርቱን ማቅለል፣ ሁለተኛው ከእንግሊዝ ንጉሥ አገዛዝ የወጣው አዲስ አገር በጽሕፈቱም ራሱን የቻለ እንዲሆን ማድረግ። ሁሉም አልተሳካለትም። ምላስ ማለት የሆነውን «ታንግ» የተባለውን ቃል በአራት ፊደል ብቻ እንዲጻፍ ቢያሳስብ፣ አሜሪካውያን ራሳቸው አልተቀበሉትም።

እዚህ ላይ የራሴን አሳብ ልጨምር። ፊደል መቀነስ ሁልጊዜ ያለ ጉዳት አይደለም። በግእዛችን «ሠረቀ» ስንል ወጣ ማለታችን ነው፤ «ሰረቀ» ስንል ግን ሌብነት ነው። ሁለቱን «ሰ»ዎች የቀላቀለ ሰው ፀሐይን ሌባ ያደርጋታል። በ«ከለር» ውስጥ ያለው «ዩ» ግን ቢቀርም ትርጕም አያፋልስምና፣ በዚህ ነገር ዌብስተርን አልነቅፈውም።

የሌሎቹ አገሮች ልማድ ደግሞ ከዚህም ይልቅ የተቀላቀለ ነው። የካናዳ ሰዎች «ከለር»ን እንደ እንግሊዞች በ«ዩ» ሲጽፉ፣ የመኪና ጎማ የሚባለውን «ታየር» ግን እንደ አሜሪካውያን በ«አይ» ይጽፉታል። በአውስትራሊያ «ሌበር» የተባለው ቃል እንደ እንግሊዞች በ«ዩ» ይጻፋል፤ በዚያው ቃል የሚጠራው የሠራተኞች ፓርቲ ግን ከ1912 ጀምሮ ስሙን ያለ «ዩ» ይጽፋል።

በእኛም አገር ሁለቱ አጻጻፎች የተደባለቁት በድንገት አይደለም። በ1941 ጣልያን ከተባረረ በኋላ በየትምህርት ቤቱ የእንግሊዝ መምህራንና መጻሕፍት ገቡ፤ ከ1962 ጀምሮ ደግሞ «የሰላም ጓድ» የተባሉት አሜሪካውያን ወጣቶች በየአውራጃው እየተመደቡ አስተማሩ። ስለዚህ አያት በአንዱ፣ አባት በሌላው መንገድ የተማሩባቸው ቤቶች ጥቂቶች አይደሉም። የልጅቱ መምህርም የተማረውን ማስተማሩ ነው። የማልቀበለው ሕፃንን በጓደኞቿ ፊት ማዋረዱን ነው።

ከአጻጻፍ ይልቅ የሚያስቸግረው ግን የትርጕም መለያየት ነው፤ ፊደል ቢለያይ ቃሉ ይታወቃል፣ ትርጕም ቢለያይ ግን ሰው ሳያውቀው ይሳሳታል። ከመጽሐፍ ቅዱስ ልጀምር። በ1611 በታተመው በእንግሊዝኛው መጽሐፍ ቅዱስ፣ የዮሴፍ ወንድሞች ወደ ግብፅ የወረዱት «ኮርን» ለመሸመት ነው። በእኛ መጽሐፍ «እህል» ይላል፤ ትክክለኛውም ትርጕም ይኸው ነው፤ በእንግሊዝ አገር «ኮርን» ማለት የአገሩ ዋና እህል ማለት ነበርና። በእንግሊዝ ስንዴውን፣ በስኮትላንድ አጃውን በዚህ ስም ይጠሩታል። ወደ አሜሪካ የተሻገሩት ሰዎች ግን በዚያ ያገኙትን የአገሬውን ሰብል በዚሁ ቃል ስለ ጠሩት፣ በዚያ አገር «ኮርን» ማለት በቆሎ ብቻ ሆኖ ቀረ። እንግዲህ በአሜሪካ የሚያድግ የእኛ ልጅ ያንን የጥንቱን መጽሐፍ ቢያነብ፣ የፈርዖን ጎተራ በበቆሎ የተሞላ፣ ሩትም በቦዔዝ እርሻ የበቆሎ ራስ የቃረመች ይመስለዋል። በቆሎ ግን ኮሎምቦስ በ1492 ባሕሩን እስኪሻገር ድረስ በግብፅም በቤተ ልሔምም የሚታወቅ አልነበረም።

ለጾመኛ ቤት ደግሞ ከዚህ የሚብስ አለ። በዚያው መጽሐፍ በኦሪት ዘፍጥረት ምዕራፍ 1 ቍጥር 29፣ እግዚአብሔር ለአዳም ቡቃያውንና የዛፉን ፍሬ «ሚት» ይሆንልህ ዘንድ እንደ ሰጠው ተጽፏል። «ሚት» ዛሬ በየሥጋ ቤቱ በር የሚጻፈው ቃል ነው። አንድ ወጣት ይህን አንብቦ፣ በገነት ሥጋ ይበላ ነበርን ብሎ ጠይቆኛል። በዚያ ዘመን ግን «ሚት» ማለት ማንኛውም መብል ማለት ነበር፤ ሥጋን ብቻ ወደ ማለት የጠበበው ኋላ ነው። በስኮትላንድና በሰሜን እንግሊዝ የቀድሞው ትርጕም ረዘም ላለ ጊዜ ቆይቷል።

ልጆቻቸው በባሕር ማዶ ላሉ ወላጆች የሚጠቅሙ ሌሎችም አሉ። በእንግሊዝ «ፔቭመንት» እግረኛ የሚሄድበት የመንገድ ዳር ነው፤ በአሜሪካ ግን መኪና የሚሄድበት ንጣፍ ነው። በሎንዶን የምትኖር አክስት ከአሜሪካ ለመጣ ሕፃን «ከፔቭመንት አትውረድ» ብትለው ምን ሊሆን እንደሚችል አስቡት። በሎንዶን «የመጀመሪያው ፎቅ» ደረጃ ወጥተው የሚደርሱበት ነው፤ በአሜሪካ ምድር ቤቱ ነው። በሰሜን እንግሊዝ ሰው «ለቲ» ቢጠራችሁ፣ ሻይ ብቻ ነው ብላችሁ እራት በልታችሁ አትሂዱ፤ በብዙ ቤት የማታው ገበታ ራሱ በዚህ ስም ይጠራል። «ፓንትስ» በአሜሪካ ሱሪ ነው፤ በእንግሊዝ ግን ከሱሪ በታች የሚለበሰው ስለ ሆነ፣ በሰው ፊት ስለ አዲሱ ፓንትስ መናገር ያሳፍራል። በደቡብ አፍሪካ «ሮቦቱ ጋ ስትደርስ ታጠፍ» ቢሏችሁ አትደንግጡ፤ የትራፊክ መብራቱን ማለታቸው ነው። ገንዘብ ለሚቈጥሩ ደግሞ፣ በእንግሊዝ መንግሥት ጽሑፎች «ቢሊዮን» እስከ 1974 ድረስ ሚሊዮን ጊዜ ሚሊዮን ነበር፤ ከዚያ ወዲህ እንደ አሜሪካው ሺህ ሚሊዮን ሆኗል። የቈየ መጽሐፍ የሚያነብ ይህን ያስተውል።

በእንግሊዝ ምድር ውስጥ እንኳ ሕፃንን «ቤርን»፣ ቤተ ክርስቲያንን «ኪርክ» የሚሉ በሰሜንና በስኮትላንድ አሉ፤ የዚህ ዓይነት ንግግር ያላቸው ልጆችም ለብዙ ዘመን በየትምህርት ቤቱ ሲናቁ ኖረዋል። ስለዚህ ነገር የአንድ ሰው ታሪክ ለልጅቱ እንዲነገርላት እናቷን ለምኛለሁ። ጆሴፍ ራይት በ1855 በዮርክሻየር ከድኻ ቤት ተወለደ። በስድስት ዓመቱ በድንጋይ መፍለጫ ቦታ የአህያ ጋሪ ይነዳ ነበር፤ ከዚያም በፋብሪካ ተቀጠረ። ዐሥራ አምስት ዓመት እስኪሞላው ድረስ ማንበብ አያውቅም ነበር። ማንበብንም የተማረው በመጽሐፍ ቅዱስና «የክርስቲያን ጒዞ» በተባለው የጆን ቡንያን መጽሐፍ ነው። ይህ ሰው በማታ ትምህርት ጀምሮ እስከ ጀርመን አገር ድረስ ሄዶ ተማረ፤ በኦክስፎርድም የቋንቋዎች ንጽጽር ፕሮፌሰር ሆነ። ከ1898 እስከ 1905 ድረስም «የእንግሊዝኛ ቀበልኛ መዝገበ ቃላት» የተባለውን ስድስት ክፍል ያለው መጽሐፍ አሳተመ። በዚያ ውስጥ በየመንደሩ የሚነገሩ፣ መምህራን ሲሰርዟቸው የኖሩ ቃላት እያንዳንዳቸው ከነአገራቸውና ከነትርጕማቸው በክብር ተመዝግበዋል። የእናቱ ቤት አነጋገርም በዚያ አለ።

አሁን ወደ ደብተሩ ልመለስ። ለአባትየው የእጅ ስልካቸው ዳኛ አለመሆኑን አስረድቻቸዋለሁ። ስልኩ የሚፈርደው በውስጡ በተመረጠለት አገር አጻጻፍ ነው፤ የእርሳቸው ስልክ በአሜሪካው እንግሊዝኛ ላይ ተደርጎ ነበርና ልጃቸውን ደገፈ፤ በእንግሊዙ ላይ ብናደርገው መምህሩን ይደግፋል። በፊታቸው ለውጬ አሳየኋቸው፤ ሦስቱም ቃላት በቀይ ተሰመሩ። ስለዚህ ወደ ትምህርት ቤቱ ሲሄዱ በጠብ ሳይሆን ሁለት መዝገበ ቃላት ይዘው እንዲሄዱ፣ መምህሩንም «ልጃችን በክፍልህ ያንተን አጻጻፍ ትከተላለች፤ አንተም የሌላውን አገር አጻጻፍ አላዋቂነት አትበልባት» ብለው በጨዋ ደንብ እንዲነግሩት መከርኳቸው። ለልጅቱም ያልኩት፣ በአንድ ወረቀት ላይ ሁለቱን አጻጻፍ እንዳትቀላቅል፣ ለአክስቷ ስትጽፍ ግን እንደ ወደደች እንድትጽፍ ነው።

«አራተኛውስ?» አሉኝ እናቲቱ። አራተኛው «ፍሬንድ» የሚለው ቃል ነበር። ልጅቱ ከ«ኢ» በፊት መምጣት የሚገባውን «አይ» ወደ ኋላ አስቀምጣዋለች። ይህን አጻጻፍ በሎንዶንም፣ በኒውዮርክም፣ በሲድኒም የሚቀበል መዝገበ ቃላት የለም፤ የአባቷ ስልክም በሁለቱም በኩል በቀይ አሰመረበት። እናቲቱ ሳቁና «እንግዲያው በዚህስ መምህሩ እውነቱን ነው» ብለው ደብተሩን አጥፈው ወሰዱ።