ችሎቱ የተደፈረው የት ላይ ነው?

«በሕግ አምላክ ሲባል እንኳን ሰው ወራጅ ውሃ ይቆማል» ይሉ ነበር አባቶቻችን። ውሃው ዛሬም ሳይቆም አይቀርም። ሲሚንቶው ግን እምቢ ብሏል።

ጉለሌ፣ እኔ በምኖርበት ሰፈር፣ አንዲት እናት ጎረቤታቸው አጥር አፍርሶ በውርስ ግቢያቸው ውስጥ መሠረት ሲያስቆፍር አዩና ፍርድ ቤት ሄዱ። የእግድ ትእዛዝ ተሰጣቸው። ወረቀቱን ራሳቸው ተሸክመው መጥተው ለሰውየው አደረሱ። ሰውየው አነበበ፤ አጥፎ ኪሱ ከተተ፤ የዚያኑ ማታ ግንበኞቹን በእጥፍ ክፍያ አስገባ። ዓርብ የታገደው ግድግዳ ሰኞ ሲነጋ ጣሪያ ሊሸከም ደርሷል። ወረዳ ቢሄዱ «ለእኛ በአድራሻ አልተጻፈም» ተባሉ። ፖሊስ ጣቢያ ቢሄዱ «ይሄ የፍትሐ ብሔር ጉዳይ ነው እማማ» ተባሉ። ወደ ችሎቱ ተመለሱ። ቀጠሮ ተሰጣቸው።

እስቲ እኛም ወደዚያው ችሎት እንግባ። ከኋላ ወንበር የተቀመጠ አንድ ምስኪን፣ ሆዱ ቢብሰው፣ ሳይፈቀድለት ተነሥቶ ዳኛውን ተሳደበ እንበል። በ1997 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ አንቀጽ 449 በችሎት ላይ እንዲህ ያለ ሰው እስከ አንድ ዓመት በሚደርስ ቀላል እስራት ወይም በመቀጮ እንዲቀጣ ይላል፤ ዳኛውም እዚያው መቅጣት ይችላሉ። ይቅጡት! ችሎት ካልተከበረ ምን ቀረን? ነገር ግን አፉ ያዳለጠው ሰው እስር ቤት ሲያድር፣ በትእዛዙ ላይ ብሎኬት የደረደረው ጌታ አልጋው ላይ ያድራል። ለመሆኑ ከሁለቱ ችሎቱን አብልጦ የደፈረው ማነው? አንዱ የተናገረው በነጋታው ይረሳል። የሌላው ድፍረት ግን በኮንክሪት ቆሞ ለአላፊ አግዳሚው ይታያል።

ሕግ አጣን አይባልም። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 1149 ይዞታው የተነካበት ሰው ሁከቱ እንዲወገድለት መክሰስ እንደሚችል ከደነገገ ስድሳ ዓመት አልፎታል። የ1958ቱ የሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 154ም እግድን የፈቀደው ክርክር የተነሣበት ንብረት ፍርድ ሳያገኝ እንዳይበላሽና ወደ ሌላ እጅ እንዳይተላለፍ ብሎ ነው። ታዲያ ንብረቱ ከተበላሸ በኋላ የሚሰጥ ፍርድ ለማን ይጠቅማል? ለቤተ መዛግብቱ ካልሆነ በቀር!

ከግለሰቡ ደግሞ የባሰ አለ፤ ማኅተም ያለው እምቢተኛ። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 79 የዳኝነትን ሥልጣን ለፍርድ ቤቶች ሰጥቷል። አንዳንድ የመሥሪያ ቤት ኃላፊ ግን የቤት ካርታ እንዲመልስ ሲታዘዝ «ከበላይ አካል መመሪያ እስኪመጣ» ይላል። የፍርድ ቤት በላይ ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ነው እንጂ የሱ አለቃ መቼ ሆነ?

እግድ አንዳንዴ አንዱን ወገን ብቻ ሰምቶ ይሰጣል፣ ንጹሑን ሰው ከሥራው ያስተጓጉላል የሚሉኝ አሉ። እውነት ነው፤ ያጋጥማል። ያ ሰው እግዱ ይነሣልኝ ብሎ የሚያመለክትበት መንገድ አለው። አካፋ ግን አቤቱታ አይደለም።

እኔ የምለው አጭር ነው። ትእዛዙን ተበዳይዋ በእጃቸው እየዞሩ አያድሉት፤ ፍርድ ቤቱ ራሱ ያድርስ፤ መከበሩንም በቀን ቆርጦ ይጠይቅ። ከእግድ በኋላ የተሠራው በሠሪው ኪሳራ ይፍረስ፤ ይህ ሳይሆን ክርክሩ አይሰማለት። አልፈጽምም ያለው ኃላፊም «መሥሪያ ቤቱ» በሚል ጃንጥላ ሥር ሳይጠለል በስሙ ተጠርቶ ይቁም፤ መቀጮውንም ከራሱ ደመወዝ ይክፈል።

የእኚያ እናት ቀጠሮ ሲደርስ ግድግዳው ተለስኖ፣ ቀለም ተቀብቶ፣ ተከራይ ገብቶበት ነበር። ተከራዩም በክርክሩ ጣልቃ ልግባ ብሎ አመልክቷል።