ቢል ኮብስን ያበቁት መድረኮች

ቢል ኮብስ ብል ስሙን የሚያውቀው ጥቂት ሰው ነው። «ዘ ቦዲጋርድ» ላይ የዊትኒ ሂውስተን ሥራ አስኪያጅ የነበረው፣ «ናይት አት ዘ ሚዩዚየም» ላይ ከሦስቱ አዛውንት ጥበቃዎች አንዱ የሆነው ስል ግን ፊልሞቹን ያየ ሁሉ ፊቱን ያስታውሳል። እ.ኤ.አ. በ2024 በ90 ዓመቱ አረፈ። ትወናን ሙያዬ ብሎ ኒው ዮርክ የገባው በ36 ዓመቱ ስለሆነ የጽናት ምሳሌ አድርጎ ማቅረቡ ቀላል ነው። ጽናቱን አልክድም። ነገር ግን የጸናውን ሰው ተቀብሎ ያሠራው መድረክ ሲረሳ ዝም ማለት አልችልም።

ኮብስ በ1934 ክሊቭላንድ፣ ኦሃዮ ተወለደ። አባቱ የግንባታ ሠራተኛ፣ እናቱ የሰው ቤት ሠራተኛ ነበሩ። አየር ኃይል ውስጥ ስምንት ዓመት በራዳር ቴክኒሻንነት አገለገለ፤ አይቢኤም ኩባንያ ውስጥ ሠራ፤ መኪናም ሸጠ። አንድ ቀን አንድ ደንበኛ ቴአትር መሥራት ይፈልግ እንደሆነ ጠየቀው። እንዲህ ያለው ጥያቄ ቁም ነገር የሚሆነው ከተማው ውስጥ መሥሪያ ቦታ ሲኖር ነው። ክሊቭላንድ ካራሙ ሀውስ ነበራት፤ በ1915 የተመሠረተ፣ ጥቁርና ነጭ አብሮ የሚሠራበት፣ ገጣሚው ላንግስተን ሂዩዝ በወጣትነቱ የተመላለሰበት ቤት። ኮብስ የኦሲ ዴቪስን «ፐርሊ ቪክቶሪየስ» በአማተርነት የተጫወተው እዚያ ነው።

ኒው ዮርክም ቢሆን ሌሎች ቀድመው መንገዱን ጠርገው ነበር። ጸሐፌ ተውኔቱ ዳግላስ ተርነር ዋርድ የአሜሪካ ቴአትር ለነጮች ብቻ ነው ወይ ሲል በ1966 በኒው ዮርክ ታይምስ ሞገተ። ጽሑፉ የፎርድ ፋውንዴሽንን ድጋፍ አስገኘ፤ በ1967 ኒግሮ አንሳምብል ካምፓኒ የተባለው የጥቁሮች ቴአትር ቡድን ተቋቋመ። ኮብስ የተቀላቀለው ይህን ቡድን ነው። ኑሮውን የሚደጉመው ታክሲ በመንዳት፣ መጫወቻ በመሸጥና የቢሮ መሣሪያ በመጠገን ነበር። ፊልም ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው በ1974 ነው፤ «ዘ ቴኪንግ ኦቭ ፔልሃም ዋን ቱ ትሪ» ውስጥ ባቡር ጣቢያ የቆመ፣ ስም እንኳ የሌለው ሰው ሆኖ።

እኔ ከሥራዎቹ ሁሉ አብልጬ የምወደው ቶም ሃንክስ በ1996 ያዘጋጀውን «ዛት ቲንግ ዩ ዱ!» ነው። ኮብስ ዴል ፓክስተን የተባለ የጃዝ ፒያኖ ተጫዋች ነው፤ የፊልሙ ወጣት ከበሮ መቺ እንደ ጣዖት የሚያየው ሰው። ክለብ ውስጥ ሲገናኙ ልጁ በድንጋጤ አፉ ይተሳሰራል። ኮብስ አይኮፈስበትም፣ አያባብለውምም፤ እንደ ሙያ ባልደረባው ያዋራዋል። በኋላ ባንዱ ሲበተን ባዶ ስቱዲዮ ውስጥ አብረው ይጫወታሉ። የኮብስ ድርሻ ጥቂት ደቂቃ ነው፤ ሆኖም ያ ልጅ ሙዚቀኛ ሆኖ እንደሚቀጥል የምናምነው በእሱ ምክንያት ነው። ይህን እርጋታ ከመድረክ በፊት ባሳለፋቸው የሥራ ዓመታት ያገኘው ይመስለኛል። በሃያ ዓመቱ ቢጀምር ኖሮ ዴል ፓክስተንን እንዲህ ይጫወተው ነበር ብዬ አላምንም።

በ2020፣ በ86 ዓመቱ፣ «ዳይኖ ዳና» በተባለው የልጆች ድራማ የዴይታይም ኤሚ ሽልማት አገኘ። እዚህ ያደረሰው መንገድ የተጀመረው ካራሙ ሀውስ ውስጥ ነው። እንዲህ ያለ የሰፈር ቴአትር ቤት ሲዘጋ ግን ተዋናይ ሳይሆን የቀረውን መኪና ሻጭ ማን ይቆጥረዋል? ካራሙ ሀውስ ዛሬም ክሊቭላንድ ውስጥ ቴአትር ያሳያል። ኮብስን የሚያወድስ ሁሉ የዚያን ቤት ስም አብሮ ቢያነሳ ደስ ይለኛል።