የውሰት ቤትና የራስ ጎጆ

ሰሞኑን ወላጆች ደጋግመው የሚጠይቁን አንድ ጥያቄ አለ። «ልጆቻችን ከትምህርት በኋላ ላፕቶፕ ላይ ተደፍተው ቤት ሲሠሩ፣ ቤት ሲያፈርሱ ያመሻሉ። ደግሞ የማያውቁት ሰው የሠራውን ከተማ በፍላሽ ተቀብለው ጨዋታው ውስጥ ያስገባሉ። ይኼ ነገር ትምህርት ነው ወይስ ጊዜ መግደያ?» ይሉናል። ጥያቄው ተገቢ ስለሆነ የዛሬውን ዓምዳችንን ለዚሁ ሰጥተነዋል።

መጀመሪያ ጨዋታውን እንወቀው። ልጆቹ ስሙን የሚያነሱት «ማይንክራፍት» ነው። ስዊድናዊው ማርኩስ ፐርሶን እ.ኤ.አ. በ2009 ለሕዝብ ያቀረበው ሲሆን፣ በ2014 ማይክሮሶፍት ኩባንያውን በ2.5 ቢሊዮን ዶላር ገዝቶታል። እስከ 2023 ድረስም ከ300 ሚሊዮን ቅጂ በላይ ተሸጧል። በጨዋታው ውስጥ ሰፊ መሬት፣ ዛፍና ድንጋይ አለ፤ ከሞላ ጎደል ሁሉም የተሠራው በእኩል ብሎኬት ነው። የአንዱ ብሎኬት ጎን በጨዋታው ልኬት 1 ሜትር ይሆናል። ልጁ ይቆፍራል፣ ይቆርጣል፣ ይደረድራል። ልጅ አሸዋ ላይ ሲጫወት ምን እንደሚሠራ ራሱ እንደሚወስን፣ እዚህም የሚያዘው የለም።

ማይንክራፍት በገንዘብ ይገዛል። የሱ ዓይነት ሆኖ በነጻ የሚገኝ ደግሞ «ሉዋንቲ» የሚባል አለ። ፊንላንዳዊው ፔርቱ አሆላ በ2010 የጀመረው ሲሆን፣ እስከ 2024 ድረስ «ማይንቴስት» ይባል ነበር። አሮጌ ላፕቶፕ ላይም ይሠራል፤ አንዴ ከተጫነ በኋላ ኢንተርኔት አይጠይቅም። በሶላር ቻርጅ እያደረግን፣ ኢንተርኔት በካርድ እየሞላን ለምንኖር ለእኛ የሚስማማው ይኼኛው ነው።

ታዲያ የሰው ሥራ ማስገባት ለምን አስፈለገ? መልሱ ቀላል ነው፤ አንድ ሰው ብቻውን ከተማ አይሠራም። አገር ቤት ጎጆ ሲቀለስ አንዱ ምሰሶ ያቆማል፣ አንዱ ማገር ያስራል፣ አንዱ ጭቃ ይረግጣል። ጨዋታውም ደቦ አለው። ለምሳሌ ድንበር የለሽ የጋዜጠኞች ድርጅት በመጋቢት 2020 እ.ኤ.አ. በማይንክራፍት ውስጥ አንድ ትልቅ ቤተ መጻሕፍት አሠርቷል። ከ16 አገር የተሰባሰቡ 24 ሠሪዎች ከ12.5 ሚሊዮን በላይ ብሎኬት ደርድረውበታል። በየአገሩ የታገዱ ጽሑፎች በመጽሐፍ መልክ ተቀምጠው ይነበባሉ። ያን ሁሉ ድካም አንድ ተማሪ በፋይል ተቀብሎ በራሱ ኮምፒዩተር ሊከፍተው ይችላል። ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

ልጆቹ የሚያስገቡት ነገር ሦስት ዓይነት ነው። አንደኛው ሙሉ ዓለም ነው፤ መሬቱ፣ ወንዙ፣ ከተማው ባንድነት። ሁለተኛው አንድ ሕንፃ ብቻ ነው፤ ተቀድቶ በሌላ መሬት ላይ ይተከላል። ሦስተኛው «ሞድ» የሚሉት ነው፤ በጨዋታው ያልነበረ አዲስ ዕቃ፣ ለምሳሌ ወንበር ወይም ፋኖስ ይጨምራል። አሠራሩ አያስቸግርም። በሉዋንቲ ሙሉ ዓለም ከሆነ ፎልደሩን «ወርልድስ» ወደሚለው ፎልደር ገልብጦ ማስቀመጥ ነው፤ ሞድ ከሆነ ደግሞ «ሞድስ» ወደሚለው። በኮምፒዩተር ለሚጫወቱት የማይንክራፍት ጃቫ ደግሞ ሙሉ ዓለም የሚገባው «ሴቭስ» ወደሚባለው ፎልደር ነው።

ሦስት ነገር ግን ልብ በሉ። አንደኛ፣ ዓለሙ የተሠራበት ሞድ እናንተ ጋ ከሌለ ቤቱ ሙሉ ሆኖ አይመጣም። በሉዋንቲ ግድግዳው በነበረበት ቦታ «የማይታወቅ ብሎኬት» የሚል ምልክት ይደረደራል። ልጁ ያኔ «ተበላሸ» ብሎ መሰረዝ የለበትም፤ የጎደለውን ሞድ ፈልጎ ማስገባት ነው። ሁለተኛ፣ በአዲሱ የጨዋታ ዕትም የተቀመጠ ዓለም በአሮጌው ላይከፈት ይችላል፤ ስለዚህ የሰጪውንና የራሳችሁን ዕትም አስተያዩ። ሦስተኛ፣ ምንም ከመንካታችሁ በፊት ዋናውን ቅጂ ለብቻው አስቀምጡ። በ2014 የዴንማርክ መንግሥት የካርታ መሥሪያ ቤት መላ አገሩን በትክክለኛ ልኩ በማይንክራፍት ሠርቶ ለሕዝብ ክፍት አድርጎ ነበር። ብዙም ሳይቆይ አፍራሾች ገብተው የከተማውን ከፊል በፈንጂ ናዱት። መሥሪያ ቤቱ ዋናው ቅጂ በእጁ ስለነበረ አልተጨነቀም። እኛም ፍላሹን ቫይረስ ሳንፈትሽ አንክፈት፤ ከማናውቀው ቦታ የመጣ፣ «ጫነኝ» የሚል ፕሮግራምም አንንካ።

አሁን ወደ ወላጆች ጥያቄ እንመለስ። ከደብተር የገለበጠ ተማሪ መልሱ ትክክል ነው፣ ሲጠየቅ ግን ዝም ይላል። የሰው ግንብ አስገብቶ «የኔ ከተማ» የሚል ልጅም እንደዚያው ነው። ይሁን እንጂ መገልበጥ ሁሉ ክፉ አይደለም። ሸማኔም አናጢም የተማረው የጌታውን ሥራ እያየ ነው። ልዩነቱ ከገለበጡ በኋላ በሚሆነው ላይ ነው። ልጁን «ያስገባኸውን ቤት ጣራውን አንሳና ውስጡን አሳየኝ፤ ቀጥሎ ሳታይ ድገመው» በሉት። ያኔ ጨዋታው ትምህርት ይሆናል።

ሒሳቡን እንይ። ርዝመቱ 8፣ ወርዱ 6፣ ቁመቱ 3 ብሎኬት የሆነ ቤት ስንት ብሎኬት ይፈጃል? ብዙ ልጅ 8 እና 8፣ 6 እና 6 ደምሮ 28 ይላል፤ በ3 አባዝቶ 84 ያወጣል። ሲሠራው ግን 72 ብቻ ይበቃዋል። ለምን? አራቱን ማዕዘኖች ሁለት ሁለት ጊዜ ስለቆጠራቸው ነዋ! ሁለት ብሎኬት የሚያህል በር ሲያወጣለት ደግሞ 70 ይቀራል። ይህን ጥቁር ሰሌዳ ላይ አስር ጊዜ ብናስረዳ አንዴ በእጁ እንደሠራው አይገባውም።

የኛ ትልቁ ጉዳይ ግን ሌላ ነው። ልጆቹ የሚያስገቡትን ቤቶች እስቲ ተመልከቱ፤ የፈረንጅ ግንብ፣ የጃፓን ቤት፣ ፎቅ፣ ኤርፖርት። ጎጆ የለም። የኛ አገር ጨርሶ ጨዋታ ውስጥ አልገባም ለማለት አይደለም። «ሲቪላይዜሽን 6» የተባለው ጨዋታ በ2020 ኢትዮጵያን ሲጨምር አፄ ምኒልክን መሪ አድርጎ፣ ከዓለት የተፈለፈሉ አብያተ ክርስቲያናትን አስገብቷል። ደስ ይላል። ሩቅ ያለ ሰው ስለኛ ሲያስብ የሚታየው ንጉሥና ላሊበላ ነው። የአያታችንን ጎጆ፣ መደቡን፣ ጓዳውን፣ በባሮ ዳር ያለውን ግቢ ማንም ሠርቶ አይልክልንም። ያን የሚያውቅ እኛ ነን።

እኛም ብንሆን እስከ መቼ እናውቃለን? ከጁባ በስተምዕራብ ያለው የጎሮም ሰፈር የተቋቋመው እ.ኤ.አ. በ2010 ነው። ያኔ የተወለደ ልጅ ዛሬ ጎረምሳ ሆኗል። ስለ አገሩ ሲወራ ሰምቷል፤ በዓይኑ ግን አላየም። ክፍል ውስጥ «ወጋግራ ምንድን ነው? ጉልላትስ የት ነው የሚቀመጠው?» ብለን ስንጠይቅ ሃያ ልጅ እርስ በርስ ይተያያል። አዋቂው ቤቱን ያውቃል፣ ኮምፒዩተሩን አይነካም። ልጁ ኮምፒዩተሩን ያውቃል፣ ቤቱን አያውቅም። ሁለቱ ካልተገናኙ እውቀቱ ከአዋቂው ጋር ይቀበራል።

ስለዚህ የምናቀርበው ሐሳብ ይኸው። አንድ አዋቂና አንድ ልጅ ጎን ለጎን ይቀመጡ። አዋቂው ይናገር፣ ልጁ ይሥራ። «እማማ፣ በሩ ወዴት ነበር የሚዞረው? ከብቶቹስ የት ነበር የሚያድሩት?» ብሎ ይጠይቅ። ክቡን ጎጆ በአራት ማዕዘን ብሎኬት ማቆም ያስቸግራል፤ መጀመሪያ በሒሳብ ደብተር ላይ፣ ቤት ቤቱን እየሞሉ ክብ መንደፍ ይጠይቃል። ክዳኑ ደግሞ በየደረጃው እየጠበበ እስከ ጉልላቱ ይወጣል። ሲያልቅ የእያንዳንዱ ክፍል ስም በቤቱ ውስጥ በሰሌዳ ይጻፍ፤ በአማርኛም፣ በአኝዋክኛም፣ ቤተሰቡ በሚናገረው ቋንቋ። ፋይሉም በፍላሽ ለሌላው ይድረስ። አንዱ ጎጆ ቢሰጥ፣ ሌላው ጎተራ ቢጨምር፣ ሦስተኛው አጥርና ደጃፍ፣ መንደር ይሆናል።

ሲሰጡም ሲቀበሉም ደንብ አለው። ከሰው የወሰድነውን የሠሪውን ስም ይዘን እንውሰድ፤ ባለቤቱ «አታባዙ» ካለ ወይም በገንዘብ የሚሸጥ ከሆነ አናባዛ። የራሳችንን ስንሰጥ ግን ስደተኞች መሆናችንን አንርሳ። አሁን የምንኖርበትን ሰፈር ካርታ፣ የማን ቤት የት እንደሆነ፣ የልጆችን ሙሉ ስም አናስገባበት። የትናንቱን መንደር እንሥራ፤ የዛሬውን አድራሻ እንተው።

«ይኼ ሁሉ የሕፃን ጨዋታ ነው» የሚል ካለ ሁለት ምሳሌ እንስጠው። የተባበሩት መንግሥታት የሰፈራ ድርጅት ሃቢታትና የማይንክራፍት ባለቤቶች በ2012 በጀመሩት «ብሎክ ባይ ብሎክ» በተባለው ሥራ፣ ናይሮቢ ኪቤራ ውስጥ ነዋሪዎቹ የስፖርት ሜዳቸው እንዴት እንዲሆን እንደሚፈልጉ በማይንክራፍት ሠርተው አሳይተዋል። ሁለተኛው የዚሁ አገር ልጅ ነው። ደቡብ ሱዳናዊው ሉዋል ማየን ያደገው በሰሜን ኡጋንዳ የስደተኞች ሰፈር ነው። እናቱ ሦስት ዓመት አጠራቅመው በ300 ዶላር ላፕቶፕ ገዙለት፤ እሱም ለቻርጅ በእግሩ ረጅም መንገድ እየሄደ ፕሮግራም መጻፍ ተማረ። «ሰላም» የተባለ፣ ተጫዋቹ ከጦርነት የሚሸሽ ሰው ሆኖ ውኃ፣ ምግብና መድኃኒት የሚፈልግበት ጨዋታ ሠራ። በ2018 በታላቁ የጨዋታዎች ሽልማት መድረክ ላይ ተመሰገነ። ያየውን የራሱን ሕይወት ነው ጨዋታ ያደረገው።

እንግዲህ ወላጆች፣ ልጁን ከላፕቶፑ ከማስነሳታችሁ በፊት አጠገቡ ተቀመጡና «የኛን ቤት ላሳይህ» በሉት። ልጆች፣ የሰው ግንብ ማስገባታችሁን አንከለክልም፤ ለያንዳንዱ ውሰት ግን አንድ የራሳችሁን መልሱ። ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ ነውና፣ የተሠሩትን ቤቶች በፍላሽ እያመጣችሁ ለመማሪያ ክፍሉ አስረክቡ፤ ባንድ መሬት ላይ እንተክላቸዋለን።

ቸር ያሰንብተን።